የተለቀመ ቡና፣ የተቆረጠ ፊልም

በጅማና በአጋሮ ቡና ለቃሚ ሴቶች ጥቁሩንና የሻገተውን ፍሬ ነቅሰው ሲያወጡ ዋሹ የሚላቸው የለም። መምረጥ በራሱ ሐሰት አይደለምና። ነውሩ የሊሙ ቡና በሐረር ስም በተጻፈበት ጆንያ ሲገባ ነው። ፍሬውም እውነተኛ፣ ጆንያውም እውነተኛ፤ የሚዋሸው የሁለቱ መገናኘት ነው።

መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ማታ በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን የታየው ፊልም ይህን የጆንያ ጥያቄ ያስነሣል። ጣቢያው ጥቅምት 23 ቀን 1957 ዓ.ም. በንጉሡ የዘውድ በዓል ተመርቆ፣ ቤተ መንግሥቱ እንዲታይ የወደደውን ሲያሳይ የኖረ ነበር። የወሎን ረሃብ ለዓለም የገለጠው የእንግሊዛዊው ጋዜጠኛ የጆናታን ዲምብልቢ ፊልም ሲሆን፣ ጥቅምት 8 ቀን 1966 ዓ.ም. በብሪታንያ ታየ። ደርግ ይህንኑ ፊልም ከቤተ መንግሥት ግብዣ ምስሎች ጋር እያፈራረቀ አስቀጥሎ ለሕዝብ አቀረበው። በማግሥቱ ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋን ወረዱ።

ቅንብሩ ሐሰት ነበርን? ግብዣው ነበረ፤ ረሃቡም ነበረ። በሁለቱ መካከል የነበረውን ገደል አንድ ካሜራ በአንድ ጊዜ ሊይዘው አይችልምና፣ ያገናኛቸው መቀስ እውነት ተናግሯል ማለት ይቻላል። ከዚያ በፊት የነበረው ዝምታም የባሰ ሐሰት ነበር።

ሆኖም ምስል የኃላፊ ጊዜ ግሥ የለውም። ወሬው በሬዲዮና በመንገደኛ አፍ ለደረሰው የጅማ ሰው «ያኔ» እና «አሁን» የሚሉ ቃላት ነበሩለት። በአዲስ አበባ በቴሌቪዥኑ ፊት የተቀመጠው ግን በተለያየ ቦታና ሰዓት የተቀረጸውን እንደ አንድ ገበታ አየው። የሕፃኑ እንጀራ ከዚያው ማዕድ የተነጠቀ መሰለው። ቁጣው በአንድ ሽማግሌ ላይ ሲያርፍ፣ ገባሩን ያራቆተው ባለ መሬት፣ ሪፖርቱን ያፈነው ሹም፣ እህሉን ያከማቸው ነጋዴ ከሥዕሉ ውጭ ቀሩ። ጉዳቱ እዚህ ላይ ነው፤ ሕዝቡ ተቆጣ እንጂ የረሃቡን አሠራር አላወቀም።

አሥር ዓመት አለፈ። መስከረም 2 ቀን 1977 ዓ.ም. የአብዮቱ አሥረኛ ዓመት በታላቅ ድግስ ተከበረ። ጥቅምት 13 ቀን መሐመድ አሚን የቀረጸው፣ ማይክል ቡርክ የዘገበው የኮረም ረሃብ በቢቢሲ ታየ፤ አሁንም ከውጭ። በሁለቱ መካከል ስድስት ሳምንት እንኳ አልሞላም። የበዓሉን ፊልምና የኮረምን ፊልም አስቀጥሎ ለሕዝብ ያሳየ መቀስ ግን በዚያ ዓመት በአገር ውስጥ አልተገኘም።