እርጥቡ እህልና የከሳው ዊንዶውስ

በጎንደር ፒያሳ አንድ የኮምፒዩተር ጥገና ቤት ገብቼ ከአሥር ዓመት በላይ ያገለገለ ላፕቶፕ እንደ አዲስ ሲፈጥን አየሁ። ምሥጢሩን ብጠይቅ ባለሙያው ወጣት «ዊንዶውሱን አክስቼው ነው» አለኝ። ገዢው ያውቃል ወይ ስለው ሣቀ።

ነገሩ እንዲህ ነው። ማይክሮሶፍት በ2014 ዓ.ም ያወጣው ዊንዶውስ 11 ቢያንስ 4 ጊጋባይት ራም፣ 64 ጊጋባይት ማከማቻና ቲ.ፒ.ኤም 2.0 የተባለ የደኅንነት ክፍል ይጠይቃል። የዊንዶውስ 10 መደበኛ ድጋፍ ደግሞ ጥቅምት 4 ቀን 2018 ዓ.ም አበቃ። አቅም የሌለው ማሽን በመካከል ቀረ። ታይኒ 11ና መሰሎቹ ይህን መስፈርት ያልፋሉ፤ ትርፍ ነው ያሉትንም ቆርጠው ይጥላሉ። በአንዳንዶቹ ፀረ ቫይረሱና የማሻሻያ መቀበያው ሳይቀሩ አብረው ይቆረጣሉ።

የሚሠራን ዕቃ ከመጣል ማዳኑን የሚነቅፍ የለም፤ እንዲያውም ማባከን ነው የሚያስጠይቀው። የደሃ ልጅ የምታጠናበት ማሽን ማግኘቷም ትልቅ ነገር ነው። ነገር ግን ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) በገበያ ሲያልፉ እጃቸውን ከእህል ክምር አስገብተው እርጥበት ያገኙ ጊዜ ሻጩን የወቀሱት ዝናብ እህሉን ስለመታው አልነበረም፤ እርጥቡን ከሥር ስለደበቀው ነው። በ1952 ዓ.ም የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕጋችንም ሻጭን ለተሰወረ ጉድለት ተጠያቂ ያደርገዋል።

ጉድለቱ ደግሞ ቀላል አይደለም። በ2015 ዓ.ም ዶክተር ዌብ የተባለው የሩሲያ ፀረ ቫይረስ ድርጅት፣ ከኢንተርኔት በሚወርዱ ሕገ ወጥ የዊንዶውስ 10 ቅጂዎች ውስጥ የዲጂታል ገንዘብ የሚሰርቅ ፕሮግራም ተሸሽጎ አግኝቷል። ማን እንደቆረጠው በማይታወቅ ቅጂ ላይ የባንክ የይለፍ ቃሏን የምትጽፈው ያችው ተማሪ ናት።

«ኩባንያው ሀብታም ነው፣ ምን ይጎድልበታል?» የሚሉ አሉ። አዋጅ ቁጥር 410/1996 የኮምፒዩተር ፕሮግራምን ጥበቃ ከሚደረግላቸው ሥራዎች ይቆጥራል፤ የባለቤቱ ሀብት መብቱን አያነሳም። ሌሎች ደሩራ ነው ይላሉ። ሊኑክስ ሚንትና ሉቡንቱ በነፃ፣ በፈቃድ፣ ማሻሻያቸው ሳይቋረጥ በአሮጌ ማሽን ላይ እየሠሩ ደሩራው ከየት መጣ? እርግጥ ነው፣ ፓወር ግዕዝ የለመደ ጣት ሊኑክስ ሲባል ይሸሻል፤ አማርኛ መጻፊያ እዚያም መኖሩን ግን ስንቶቻችን እናውቃለን? ለማንኛውም የኩባንያው ሒሳብ ሌላ፣ የገዢዋ ሒሳብ ሌላ ነው። የመጀመሪያውን የናቀ እንኳ ከሁለተኛው አያመልጥም።

ወጣቱ በመጨረሻ ያለኝ እውነት ነበር፤ «እኔ ብናገር ገዢው ወደማይናገረው ጎረቤቴ ይሄዳል።» አዎ፣ አንዳንዱ ይሄዳል። እኔም ያንን ኪሣራ አልክድም። በደረሰኙ ጀርባ ላይ ምን እንደተቆረጠ በሁለት መስመር እንዲጽፍ ለመንኩት። እስክሪብቶ አንስቶ አሰበና መልሶ አስቀመጠው፤ ደንበኛ ገብቶ ነበር።