ሁለቱ መንግሥታትና የጎረቤት ደጅ

ማርቲን ሉተር እግዚአብሔር ዓለምን በወንጌልና በሰይፍ፣ በሁለት መንግሥታት ይገዛል ሲል ያስተማረውን ትምህርት፣ ከተከታዮቹ ብዙዎች የዘር መድልዎን ለቄሣር ትቶ ዝም ለማለት መሸሸጊያ አደረጉት። ነገር ግን እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹ አጋማሽ በአሜሪካ፣ በኦማሃ ከተማ፣ ቄስ ዊልያም ያንግዳል ከነጭ ምእመኖቻቸው አሥር ባልና ሚስት አሥር ጥቁር ሉተራውያን ባለትዳሮችን በየቤታቸው ሄደው እንዲጠይቁ ቢያሳስቡ፣ ጉባኤው ታውኮ ቄሱ ሥራቸውን እስከ መልቀቅ ደረሱ፤ የጎረቤትን ደጅ ማንኳኳት የሚከለክል የቄሣር ትእዛዝ ግን አልነበረም። ስለዚህ የሉተራን ዓለም ፌዴሬሽን እ.ኤ.አ. በ1977 በዳሬሰላም ተሰብስቦ አፓርታይድን መቃወም የሃይማኖት ምስክርነት ነው ሲል መወሰኑ፣ በ1984ም በቡዳፔስት ሁለት የደቡባዊ አፍሪካ የነጮች አብያተ ክርስቲያናትን ከአባልነት ማገዱ ርቱዕ ፍርድ ነው፤ በአንድ ጽዋዕ ሊቆርቡ የሚገባቸውን ወንድማማቾች በቆዳ ቀለም የሚለይ ማኅበር፣ ጸሎተ ሃይማኖቱን ምንም ሳያጎድል ቢደግም እንኳ፣ በአፉ ያመነውን በግብሩ ክዷልና።