ኃይሉ ከቀለሙ ነው ወይስ ከቃሉ?



በአማርኛችን ቀለም ማለት ሁለት ነገር ነው። አንደኛው ጸሐፊ ብዕሩን የሚያጠቅስበት ጥቁር ፈሳሽ ነው፤ ሁለተኛው ትምህርት ነው። የተማረውን ሰው «ቀለም የዘለቀው»፣ ሊቁን ደግሞ «የቀለም ቀንድ» እንለዋለን። ጽሕፈት ይፈውሳል፣ ያስፈራል፣ ያስራል፣ ይፈታል ሲባል ኖሯል። ታዲያ ያ ኃይል የሚገኘው ከቀለሙ ነው ወይስ የተጻፈውን ከመረዳት?

እስቲ ቀለሙን ራሱን እንመርምር። በኢትዮጵያ የብራና ጸሐፊ ጥቁሩን ቀለም የሚያዘጋጀው ከማሰሮና ከምጣድ ሥር ከተፋቀ ጥላሸት፣ ከዛፍ ሙጫና አርሮ ከተወቀጠ እህል ነው። ይህን በውኃ ለውሶ እስኪብላላ ድረስ ለወራት ያኖረዋል። ቀዩን ቀለም ለአርእስትና ለከበሩ ስሞች ያቆየዋል። ሥራው ትዕግሥትና ሙያ ይጠይቃል፤ ነገር ግን በቀለሙ ውስጥ ከማድቤትና ከዱር የማይገኝ ነገር የለም።

ይሁንና ያው ቀለም በክታብ ላይ ሲያርፍ ሌላ ግምት ይሰጠው ነበር። ደብተራው በብራና ጥቅል ላይ የእግዚአብሔርን ስሞች፣ ጸሎትና የበሽተኛውን ስም ይጽፋል፤ አንዳንዱ ጥቅል በባለቤቱ ቁመት ልክ ይሠራ ነበር። ከዚያም በቆዳ ተሰፍቶ በአንገት ይታሰራል። ሐኪም ቤት የብዙ ቀን መንገድ በሆነበት አገር ልጇ የታመመባት እናት ይህን መፈለጓ አያስነቅፋትም። ስም ጠርቶ የሚጸልይ ሰው ማግኘትም ቀላል ነገር አይደለም። ነገር ግን አብዛኛውን ጊዜ ክታቡን ያሰረው ሰው በውስጡ ምን እንደ ተጻፈ አያውቅም ነበር። ማንበብ የሚችለው ጸሐፊው በመሆኑ ፍርሃቱም ተስፋውም በጸሐፊው እጅ ሆነ።

ይህ የእኛ ብቻ ድክመት እንዳይመስለን። በአገር ቤት የማናውቀውን መዙዛ እዚህ በየቤታችን መቃን ላይ ሰቅለናል። ራምባም በ12ኛው መቶ ዘመን ስለ መዙዛ ሲጽፍ፣ በውስጡ የመላእክት ስም የሚጨምሩ ሰዎችን አጥብቆ ነቅፏል። የፈጣሪን አንድነትና ፍቅሩን የምታስታውሰውን ትእዛዝ ለራሳቸው ጥቅም እንደ ክታብ አደረጓት ማለቱ ነው። በኦሪት ዘኁልቁ ምዕራፍ 5 ደግሞ ባሏ የተጠራጠራት ሚስት በምትመረመርበት ሥርዓት፣ ካህኑ እርግማኑን ጽፎ በመራራው ውኃ ያጥበዋል። የጥንት ሊቃውንት ከዚህ ትልቅ ትምህርት አወጡ፤ በቅድስና የተጻፈው ስም እንኳ በባልና በሚስት መካከል ሰላም እንዲወርድ ይደመሰሳል አሉ። እንግዲህ ከቀለሙ ሰላሙ በልጦ ተገኘ።

ከቂርያት ጋት ብዙ ሳይርቅ የላኪሽ ኮረብታ አለ። በዚያ እ.ኤ.አ. በ1935 በሸክላ ስባሪ ላይ በቀለም የተጻፉ ደብዳቤዎች ከመሬት ወጥተዋል። የተጻፉት ባቢሎናውያን ይሁዳን ሊያጠፉ በተቃረቡበት ዘመን፣ ከዛሬ 2500 ዓመት በላይ አስቀድሞ ነው። በአንደኛው ደብዳቤ አንድ የበታች ሹም ለአለቃው አቤት ይላል። ማንበብ አያውቅም መባሉ አንገብግቦት፣ ደብዳቤ የሚያነብለት ሰው ጠርቶ እንደማያውቅ በእግዚአብሔር ስም ይምላል። ያ ቁጭት ዛሬም በብዙ ቤታችን አለ።

ምክንያቱም የዛሬው ክታብ የሚመጣው በፖስታ ነው። የባንክ፣ የማሽካንታ፣ የትምህርት ቤት፣ የቁፓት ሖሊም ወረቀት በዕብራይስጥ ተጽፎ ይደርሰናል። «ለዘመድህ ዋስ ሁን፣ እዚህ ጋ ፈርም» ይባላል። በአገር ቤት በቀለም የተነከረ አውራ ጣት ገበሬውን ያስረው እንደ ነበረ፣ አሁን ቀለም እንኳ የሌለው፣ በስክሪን ላይ የተጫረ ፊርማ ለብዙ ዓመት ዕዳ ያስራል። ሳያነቡ የፈረሙት ወረቀት ክታብን ይመስላል፤ ልዩነቱ የዚህኛውን ኃይል ፍርድ ቤት የሚያጸናው መሆኑ ነው።

ታዲያ ዕብራይስጥ የማያነቡ አባትና እናት ምን ያድርጉ? አንዳንዱ እንደ ላኪሹ ሹም አላውቅም መባልን ፈርቶ ዝም ብሎ ይፈርማል። ሌላው ሕፃን ልጁን አስተርጓሚ ያደርጋል፤ ልጁም የዕዳና የበሽታ ወሬ ያለ ዕድሜው ይሸከማል። ከሁለቱ የተሻለ መንገድ ከአባቶቻችን ወርሰናል። ቄሶቻችን ኦሪትን በግእዝ ያነባሉ፤ ከዚያም ሕዝቡ በሚሰማው ቋንቋ፣ በአማርኛ ወይም በትግርኛ ይተረጉማሉ። ፊደል ያልቆጠረው ሕዝባችን ትእዛዙን ያወቀው እየተነበበለት ነው። ማስነበብና ማስተርጎም ሥርዓታችን እንጂ ውርደታችን አይደለም።

ስለዚህ ወረቀት ሲቀርብላችሁ «ይነበብልኝ፣ በሚገባኝ ቋንቋ ይተርጎምልኝ፣ አስቤበት ልመለስ» ማለትን አትፈሩ። የሚያነብላችሁም ዕድሜው የደረሰ፣ የታመነ ሰው ይሁን። ዕብራይስጥ የዘለቃችሁ ወጣቶችም ለጎረቤት ማንበብን የራሳችሁ ግዴታ አድርጋችሁ ቁጠሩት። የቀለም ቀንድ መባል የሚገባው ከቀንዱ ለሌላው የሚያጠቅስ ሰው ነው።

የአያት ክታብ በእጃችሁ ያለ ቤተሰቦች ደግሞ እንደ ነውር አትጣሉት፤ እንደ ጠባቂም አትመኩበት። ግእዝ የሚያውቅ ሰው ፈልጋችሁ አስነብቡት። ምናልባት የአያታችሁን ስምና ለጤናዋ የተለመነውን ልመና ታገኙበት ይሆናል። ልጆች ይህን ሲሰሙ ቀለሙ ማስፈራቱ ይቀርና ስለ አያታቸው የሚናገር ጽሕፈት ይሆንላቸዋል።