የሸላሚው ዕዳ

በየዓመቱ ኅዳር ላይ ከአሜሪካ ውጭ የተሠሩ የቴሌቪዥን ዝግጅቶች ኒው ዮርክ ውስጥ ይሸለማሉ። እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ከ1973 ጀምሮ የሚሰጠው ዓለም አቀፉ የኤሚ ሽልማት ድራማውን፣ ዘጋቢ ፊልሙን፣ የልጆች ዝግጅቱን እየለየ የዓመቱን ምርጥ ያውጃል። በአገራችንም ለዛ የአድማጮች ሽልማት በሕዝብ ድምፅ ተከታታይ ድራማዎችን ያከብራል። የሲዳማ ሚዲያ ኔትወርክ መቀመጫ በሆነችው ሐዋሳ በሲዳምኛ ዝግጅት የሚደክም ባለሙያ አንድ ቀን እንዲህ ካለ መድረክ ለመቆም ቢመኝ አይፈረድበትም። ከምኞቱ የሚቀድም ጥያቄ ግን አለ፤ ሰው የሌላውን ሥራ ከሌሎች ሁሉ ይበልጣል ብሎ ለመፍረድ ምን መብት አለው? መልሴ አንድ ነው። ሽልማት ፍርድ ነው፤ ዳኛ የሚጠየቅበት ነገር ሁሉ ሸላሚንም ያስጠይቀዋል።

ዳኝነት ምን እንደሚጠይቅ ለማወቅ ሩቅ መሄድ አያሻም። በሲዳማ የሽማግሌዎች ሸንጎ በሆነው ሶንጎ ጉዳይ የሚያዩ ሽማግሌዎች ብይን ከመስጠታቸው በፊት ጉዳዩ በአፊኒ ሥርዓት ይዘረዘራል፤ የሚመለከተው ሁሉ ይናገራል፣ ይደመጣል፣ ነገሩ እስኪጠራ ይመላለሳል። የብይኑ መሠረትም ሀላሌ፣ ማለትም እውነት ነው። በዚህ ሚዛን ሥራውን ሙሉ ሳያይ ድምፅ የሰጠ ገምጋሚ ሳይሰማ ፈርዷል። የሕዝብ ድምፅ የሚሻል ይመስላል፤ ተመልካቹ ራሱ ፈራጅ ነውና። ነገር ግን የድምፅ ቆጠራ የሚነግረን ብዙ ሰው የወደደውን ነው፤ የተሻለውን ለይቶ አያሳይም። ተናጋሪው ጥቂት በሆነ ቋንቋ የተሠራ ዝግጅት የቱንም ያህል ቢበስል በቆጠራ አያሸንፍም። ስለዚህ የሕዝብ ፍቅር በፍቅርነቱ ይከበር፤ የፍርድን ስም ግን አይውሰድ።

ሃይማኖተኛ ሰው ከዚህ የከበደ ተቃውሞ ያነሣል። ክርስቶስ በተራራው ስብከቱ ምጽዋትን ለሰው ታይታ ማድረግን ነቅፏል፤ እስልምናም ሪያን፣ ለታይታ የሚደረግ አምልኮን፣ አጥብቆ ይኮንናል። የቤተ ክርስቲያናችን ሠዓልያንም አብዛኞቹ ስማቸውን ሳይተዉልን አልፈዋል፤ በ15ኛው ክፍለ ዘመን፣ በዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ ዘመን፣ ጣና ላይ በሚገኘው በዳጋ እስጢፋኖስ ባለው ሥዕሉ ላይ ስሙ የተጻፈለት ፍሬ ጽዮን ከጥቂቶቹ አንዱ ነው። ታዲያ ጭብጨባና ዋንጫ ነፍስን አይጎዱም? ሊጎዱ ይችላሉ። ሆኖም ትእዛዙ የተነገረው ለሠሪው ልብ ነው፤ ውዳሴ አትፈልግ የተባለው እሱ ነው። የሥራው ተጠቃሚ ምስጋናውን ይንፈግ አልተባለም። እንዲያውም እስልምና ለሰው ምስጋና መንፈግን ለአላህ ምስጋና ከመንፈግ ጋር ያያይዘዋል። ሠሪው ሽልማትን ባይሻም ተመልካቹ ከማመስገን ግዴታው አያመልጥም።

ሌላው ተቃውሞ ባህል ሌላ ባህልን ሊዳኝ አይችልም የሚል ነው። እዚህ ላይ ግን ማስረጃው ተቃራኒውን ይናገራል። እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ2020 የዓለም አቀፉን ኤሚ የድራማ ሽልማት የወሰደው የሕንዱ «ዴልሂ ክራይም» በ2012 በዴልሂ የተፈጸመን የቡድን መድፈር ወንጀል የፖሊስ ምርመራ የሚተርክ፣ በአብዛኛው በሂንዲ የሚነገር ሥራ ነው። የአንዲት ከተማ ቁስል በታማኝነት ስለተነገረ ሩቅ ያሉት ተረዱት። በዚሁ አቆጣጠር በ2015 ዩኔስኮ በማይዳሰሱ ቅርሶች ዝርዝሩ ያሰፈረው የሲዳማ ዘመን መለወጫ በዓል ፍቼ ጫምባላላም ለእንግዳ ዓይን ተብሎ አልተቀየረም። አያንቶዎች ከዋክብትን አይተው ቀኑን ይወስናሉ፤ ቤተሰብ በዕድሜ ታላቁ ቤት ተሰብስቦ ከእንሰትና ከቅቤ የተሠራውን ቡርሳሜ ይቀምሳል፤ የተጣላ ይታረቃል። ክብሩን ዩኔስኮ አልሰጠውም፤ የነበረውን መሰከረ። እውነተኛ ሽልማት ሁሉ እንዲህ ነው።

ምስክር ደግሞ ያየውን መናገር አለበት። ስለዚህ ሸላሚዎች የአሸናፊውን ስም ብቻ አንብበው አይውረዱ፤ ለምን እንደመረጡት፣ ሌሎቹ በምን እንዳነሱ በአደባባይ ያስረዱ። የሐዋሳ ባለሙያዎችም ሥራቸውን ለኒው ዮርክ ገምጋሚ ብለው አይለውጡት፤ ታሪኩ የሚመለከተው ሰው አይቶ እውነት ነው እንዲል አድርገው ይሥሩት። ምክንያቱ የማይነገር ሽልማት፣ ዋንጫው የቱንም ያህል ቢያብረቀርቅ፣ ፍርድ አይባልም።