3:2:1 ያለው ማን ነው?

በ7ኛ ክፍል የሒሳብ መጽሐፍ ውስጥ ለእኔ ከባዱ ሐረግ «ምርቱን በ3:2:1 ሬሾ ቢካፈሉ» የሚለው ነው። ተማሪዎቼ አይፈሩትም። ሦስት፣ ሁለትና አንድን ይደምሩና ስድስት ይላሉ፤ 12 ኩንታሉን ለስድስት ያካፍላሉ፤ አንዱ ድርሻ ሁለት ኩንታል ይወጣዋል፤ ከዚያ 6፣ 4፣ 2። ድምሩ 12 መምጣቱን አይተው እስክሪብቷቸውን ያስቀምጣሉ። እኔን የሚያብሰለስለኝ ከስሌቱ በፊት ያለው ነው። 3:2:1ን ማን ቆረጠው? በምን ለክቶ?

አርስቶትል በ«ኒቆማኮስ ሥነ ምግባር» አምስተኛ መጽሐፍ ፍትሐዊ ክፍፍል ንጽጽሩን የጠበቀ ነው ይላል፤ ሰዎቹ እርስ በርስ ያላቸው ሬሾ በድርሻቸውም መታየት አለበት። ድርሻ እንደየብቃቱ ይሁን በሚለው ሁሉም ይስማማል፤ ብቃቱ ምንድን ነው ሲባል ግን አንዱ ነጻ ዜግነትን፣ ሌላው ሀብትን፣ ሌላው በጎነትን ይቆጥራል። እንግዲህ ጠቡ ከማባዛትና ከማካፈሉ በፊት ነው የሚጀምረው። መጽሐፋችን ደግሞ ያንን ቦታ ራሱ ሞልቶ ይሰጠናል።

በማቴዎስ ወንጌል ምዕራፍ 20 ያለውን የወይን አትክልት ምሳሌ ክፍል ውስጥ ሰሌዳ ላይ ሠርቼው አውቃለሁ። የምሳሌው ሰዓት የእኛው ሰዓት ነው፤ 11 ሰዓት ሲባል ፀሐይ የት እንዳለች ልጆቹ ያውቃሉ። በማለዳ ሥራ የገባው ሠራተኛ 12 ሰዓት ሠራ እንበል፤ በ3 የገባው 9፣ በ6 የገባው 6፣ በ9 የገባው 3፣ በ11 የገባው 1። ውሉ ለቀን አንድ ዲናር ነው። ከየቡድኑ አንድ አንድ ሰው ብንወስድ፣ በሰዓት ቢታሰብ ለአምስቱ የሚደርሳቸው በድምሩ 31/12 ዲናር ነው። የአትክልቱ ባለቤት ግን ለሁሉም እኩል አንድ አንድ ዲናር ሰጠ፤ የከፈለው 5 ነው። ሁለት ሙሉ ከ5/12 ዲናር ከራሱ ጨመረ ማለት ነው።

የማለዳዎቹ ያጉረመረሙት 12 ኩንታል እንደሚካፈል ሰው ነው፤ ለጎረቤት ሲጨመር ከእኔ ይቀነሳል ብለው። ከእነሱ ግን ምንም አልተቀነሰም። ጌታው ሬሾን የሻረም አይመስለኝም። የለወጠው የሚለካበትን ነው፤ ሰዓትን ትቶ ሰውን ቆጠረ፤ ለአንድ ሰው አንድ የቀን እንጀራ፣ 1:1። የ11 ሰዓቱ ሠራተኛ 1/12 ዲናር ይዞ ቤቱ ቢገባ የልጆቹ ረኃብ በ12 አይካፈልለትም። ይህን አምናለሁ፤ ለእኔ የቸርነት ሒሳብ ማለት ይኸው ነው።

ግን ሁሉን በአፍ ቁጥር እናካፍል ማለት አልችልም፤ ያስቆመኝ ተማሪ ነው። በእኛ በጎጃም ባሏ የሞተባትና በሬ የሌላት ሴት መሬቷን ለእኩል ትሰጣለች፤ ጥማድ ያለው ያርስላታል። ከዚህ ተነሥቼ ሬሾው ያልተሰጠበት ጥያቄ ጻፍኩ። መሬቱ የእሷ፣ በሬውና ዘሩ የገበሬው፣ ክረምቱን ሙሉ ያረመው አንድ ወጣት፤ ምርቱ 12 ኩንታል ጤፍ። በእሷ ቤት አራት ሰው፣ በገበሬው ቤት ሰባት፣ ወጣቱ ብቻውን። ሬሾውን ምረጡ፣ ምክንያት ጻፉ አልኳቸው።

ግማሹ 1:1:1 ብሎ አራት አራት ኩንታል ሰጠ። አንዲት ልጅ 4:7:1 ብላ በአፍ ቁጥር ከፈለች፤ ድምሩ 12 ሲመጣላት ደስ አላት። ከኋላ ወንበር አንዱ ተነሣና «ቲቸር፣ ያረመው ልጅ አንድ ኩንታል? ሚስት ስላላገባ ነው?» አለ። ክፍሉ ጸጥ አለ፤ እኔም የወይኑ ባለቤት ከኪሱ እንደጨመረ፣ እዚህ ግን የሚጨምር ሰው እንደሌለ አሰብኩ። የተቆረጠ ምርት ሲካፈሉ ለአንዱ ቸር መሆን ከሌላው ጉልበት ላይ ሊሆን ይችላል። ልጅቷ ወረቀቷን መልሳ ወሰደችና በአፍ ቁጥር የሚካፈለው ከአረሙ ደመወዝ የተረፈው ይሁን ብላ ጻፈች። የአረሙ ዋጋ ስንት እንደሆነ ከጎኗ ካለው ልጅ ጋር እስከ ደወል ድረስ ተከራከሩ።

አሁን እንዲህ ባለው ጥያቄ ከ10 ማርክ 4ቱን ለስሌቱ፣ 6ቱን ለመረጡበት ምክንያት እሰጣለሁ። 4:6ን የቆረጥኩት እኔ ነኝና፣ ለምን ብለው ሲጠይቁኝ ቆሜ አስረዳለሁ።