ስለ አእምሮ ጸጋና ስለ አሳዳጊ ዕዳ

ሊቃውንተ ቤተ ክርስቲያን ስለ ሰው ነፍስ ሲያስተምሩ፣ ነፍስ ለባዊት፣ ነባቢትና ሕያዊት ናት ይላሉ። በለባዊነቷ ታስባለች፤ በነባቢነቷ ትናገራለች፤ በሕያዊነቷ ትኖራለች። ይህም በባለጸጋ አዳራሽ ለተወለደው ልጅ ተሰጥቶ በእረኛ ጎጆ ለተወለደው የተነፈገ አይደለም። ሰው ሁሉ በሥላሴ አርአያ ተፈጥሯልና የሁሉም ነፍስ ባሕርይ አንድ ነው። ነገር ግን በዓይናችን የምናየው ልዩነት ብዙ ነው። አንዱ ልጅ አንድ ጊዜ የሰማውን ይይዛል፤ ሌላው አሥር ጊዜ ቢነገረው ይጠፋበታል። ደግሞም ትምህርት የሚቀናቸው ልጆች ብዙውን ጊዜ ከተማሩና ከደላቸው ወላጆች የተወለዱት ሆነው ይታያሉ። እንግዲህ ጥያቄው ይህ ነው፤ የአእምሮ ስለት ከእግዚአብሔር የተሰጠ ጸጋ ከሆነ፣ ጸጋው ስለ ምን ወደ ሀብታም ደጅ ያዘነብላል? እግዚአብሔር ለሰው ፊት የማያዳላ መሆኑን እናምናለንና ምክንያቱን በሌላ ስፍራ ልንፈልገው ይገባናል።

በመጀመሪያ ነገሩን ለይቶ ማየት ያሻል። ለባዊነት የባሕርይ ነው፤ ዕውቀት ግን በትምህርት የሚገኝ ነው። በሁለቱ መካከል ደግሞ ሥጋ አለ። ነፍስ በዚህ ዓለም ስትኖር የምትሠራው በሥጋ መሣሪያነት ነውና። በገና ደርዳሪው ምንም ብልህ ቢሆን የበገናው ጅማት የላላ እንደ ሆነ ዜማው አያምርም፤ ጅማቱ ስለ ላላ ግን ደርዳሪውን አላዋቂ የሚለው ሰው ይሳሳታል።

ለዚህ ነገር ምስክር ፍለጋ ሩቅ መሄድ አያስፈልገንም። በደጋው አገራችን እንቅርት ከጥንት ጀምሮ የታወቀ በሽታ ነው፤ ተረታችን እንኳ «በእንቅርት ላይ ጆሮ ደግፍ» ይላል። አዮዲን የሚባለው ንጥረ ነገር ከተራራማ አገር አፈር በዝናብና በጎርፍ ታጥቦ ይሄዳል፤ በዚያ አፈር የበቀለውም እህል ይጎድለዋል። ይህ ያነሳት እናት አንገቷ ማበጡ ብቻ ሳይሆን፣ በማኅፀኗ ያለው ሕፃን አንጎል እንደሚገባው ሳያድግ ሊቀር ይችላል። የዓለም ጤና ድርጅት አስቀድሞ ሊገታ ከሚቻለው የአንጎል ጉዳት ሁሉ ዋነኛው ምክንያት ይህ መሆኑን አስታውቋል። መድኃኒቱ ግን በጨው ላይ ጥቂት አዮዲን መጨመር ነው፤ በአገራችንም ይህ እንዲሆን በ2003 ዓ.ም. በደንብ ታዟል። እንግዲህ በየመንደሩ «ፈዛዛ»፣ «ደነዝ» እየተባለ ካረጀው ሰው መካከል፣ የጎደለው ጸጋ ሳይሆን ቁንጥር ጨው የሆነበት ስንት ይሆን?

ከባሕር ማዶ የሆነውንም እንመልከት። እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1905 ዓ.ም. አልፍሬድ ቢኔ የተባለ ፈረንሳዊ ሊቅ፣ ከሐኪሙ ከቴዎዶር ሲሞን ጋር ሆኖ የልጆችን አእምሮ መመዘኛ አዘጋጀ። አሳቡ በትምህርት ወደ ኋላ የሚቀሩትን ልጆች ለይቶ ለመርዳት ነበር፤ የሰው አእምሮ ሊጨመርበት የማይቻል ቋሚ ልክ ነው የሚሉትንም በ1909 ዓ.ም. ባሳተመው መጽሐፍ አጥብቆ ተቃውሟል። መመዘኛው ወደ አሜሪካ ከተሻገረ በኋላ ግን ብዙዎች ድኾችንና ስደተኞችን «በተፈጥሯቸው ዝቅተኞች ናቸው» ለማለት ተጠቀሙበት። የአገሩ ጠቅላይ ፍርድ ቤት እንኳ በ1927 ዓ.ም. አእምሮ ደካማ ናት የተባለች አንዲት ድኻ ሴት ዳግመኛ እንዳትወልድ መካን እንድትደረግ የፈቀደውን ሕግ አጸናው። ከዚያ በኋላ የተገኘው ማስረጃ ግን እንዲህ ያለውን ትዕቢት ያሳፍራል። በኒውዚላንድ ያስተምር የነበረው ጄምስ ፍሊን እንዳሳየው፣ በ20ኛው መቶ ዓመት በብዙ አገሮች የመመዘኛው ውጤት በየአሥር ዓመቱ በሦስት ነጥብ ያህል ከፍ እያለ ሄዷል። የሰው ዘር በሁለትና በሦስት ትውልድ እንዲህ አይለወጥም፤ የተለወጠው ትምህርቱ፣ ምግቡ፣ ጤናውና አኗኗሩ ነው።

ይህን ስንል ግን ልጆች ሁሉ በስጦታቸው እኩል ናቸው ማለታችን አይደለም። ከአንድ እናትና አባት ተወልደው፣ ከአንድ መሶብ በልተው ያደጉ ወንድማማች እንኳ ይለያያሉ፤ ከወላጅ የሚወረስም ነገር አለ። በመክሊቱ ምሳሌ ጌታ ለአንዱ አምስት፣ ለአንዱ ሁለት፣ ለአንዱም አንድ ሰጥቷል። ነገር ግን ባለ ሁለቱ ከባለ አምስቱ ያላነሰ ምስጋና መቀበሉን፣ በሦስተኛውም ላይ የተፈረደበት አንድ ስለ ተቀበለ ሳይሆን ስለ ቀበረ መሆኑን እናስተውል። ስለዚህ ሰነፍ በድኽነቱ አያመካኝ፤ አሳዳጊና መምህርም የሌላውን መክሊት በገዛ እጁ እንዳይቀብር ይጠንቀቅ።

የቅዱስ ያሬድን ታሪክ ሁላችንም እናውቀዋለን። ትምህርት አልገባው ብሎ ከመምህሩ በትር ሸሽቶ ሲሄድ፣ ከዛፍ ሥር ዐርፎ ሳለ ትል ደጋግሞ እየወደቀ በመጨረሻ ወደ ላይ መውጣቱን አይቶ ተጽናና፤ ተመለሰም። ይህን ስንተርክ የምናመሰግነው የደቀ መዝሙሩን ትጋት ብቻ ነው። ነገር ግን አባቱ የሞተበት ይህ ልጅ የሚመለስበት ቤት ነበረው። አጎቱ አባ ጌዴዎን የተማረ ካህን ነበር፤ የሸሸውንም ልጅ እንደ ገና ተቀብሎ አስተማረው። እንደ ያሬድ ጨክኖ ቢመለስ በሩን ተዘግቶ የሚያገኘው ልጅ ግን ዛሬም በየአገሩ አለ።

እኔም በዚህ ነገር ንጹሕ አይደለሁም። በወጣትነቴ ንባብ ሳስተምር ከሩቅ ቀበሌ የመጣ አንድ ደበሎ ለባሽ ልጅ ነበር። ባልንጀሮቹ በሳምንት የሚይዙትን የቃል ትምህርት እርሱ በወር አይዘልቀውም። በጓደኞቹ ፊት ብዙ ጊዜ «ደንቆሮ» ብዬዋለሁ። ኋላ አንድ ታላቅ ተማሪ ቀስ ብሎ ነገረኝ፤ ልጁ ከሕፃንነቱ ጀምሮ ጆሮው ሲመግል የሚያሳክመው አጥቶ፣ አንደኛው ጆሮው ፈጽሞ ደንቁሮ ሁለተኛውም ከብዶ ነበር። እኔ ለስድብ የተናገርሁት ቃል ለካ እውነት ኖሯል። ከዚያ ወዲያ በደኅናው ጆሮው በኩል ከአጠገቤ አስቀመጥሁት፤ በዚያው ዓመት ዳዊት ደገመ። ይቅርታ ለመጠየቅ ሳልበቃ ግን ወደ ሌላ ደብር ሄደ። ስንት ልጅ በእንዲህ ያለ ስም ታትሞ እንደ ቀረ ባሰብሁ ቁጥር ልቤ ይወቅሰኛል።

እንግዲህ ብልህ የሆነ ሰው የሚመካበት ነገር የለውም፤ አንጎሉንም፣ የተወለደበትን ቤትም መርጦ አልመጣምና። ብዙ የተቀበለ ብዙ ይጠየቃል። ወላጅ ልጁን ለእረኝነት ብቻ አያስቀረው፤ ሴቷንም ከወንዱ አያሳንስ። መምህር አንድ ልጅ አልገባው ባለ ጊዜ በትር ከማንሣቱ በፊት «በልቶ አድሯልን? ያያልን? ይሰማልን?» ብሎ ይጠይቅ። ባለጸጋና ሰበካ ጉባኤም ከሚያሠሩት ሕንፃ ጎን ለጎን ለእጓለ ማውታው ደብተርና ምሳ ያስቡ። በመጨረሻው ቀን ስለ ራሳችን መክሊት ብቻ ሳይሆን፣ ሳይማር ስለ ቀረው ስለ ጎረቤታችን ልጅም መጠየቃችን አይቀርም።