እምቢ ማለት የማይችል ድምፅ

ቪየና አጠገብ ለዝምታ ተብሎ የተሠራ የመቅረጫ አዳራሽ አለ። በቪየና ፊልሃርሞኒክ ቼሎ የተጫወተው ኸርብ ቱችማንድል እ.ኤ.አ. በ2000 ያቋቋመው ድርጅት የኦርኬስትራን መሣሪያዎች አንድ በአንድ፣ ድምፅ በድምፅ ያስቀረጸው እዚያ ነው። ቫዮሊን የያዘች ሴት ትገባለች። አንዲት ኖታ በለሆሳስ ትስባለች። ያችኑ ኖታ ጠንከር አድርጋ፣ ከዚያም በሙሉ ጉልበቷ ትደግማለች። ቀጥላ ግማሽ ድምፅ ከፍ ትልና እንደገና ከለሆሳስ ትጀምራለች። ከአንዱ ኖታ ወደ ሌላው የምትሻገርበት መንሸራተት ሳይቀር ለብቻው ይቀረጻል። ዜማ ግን አትጫወትም። ዜማውን የሚሠራው በማታውቀው አገር ያለ ሌላ ሰው ነው፤ ምናልባትም እሷ ቫዮሊኗን ባስቀመጠችበት ዓመት።

ከእነዚያ ሌሎች ሰዎች አንዱ እኔ ነኝ። የምኖረው ውርጌሳ ነው፤ ከደሴ ወደ ወልድያ የሚወስደው አስፋልት በሚያልፍባት፣ በውጫሌና በመርሳ መካከል ባለች ከተማ። ቀን አስተምራለሁ። ማታ የመኪናው ድምፅ ጋብ ሲልና መብራት ካለ፣ ላፕቶፔን ከፍቼ በትንሿ ኪቦርድ ለኦርኬስትራ እጽፋለሁ። መጀመሪያ ያገኘሁት ሳምፕል (እንዲህ አንድ በአንድ የተቀረጸ የመሣሪያ ድምፅ) የቢቢሲ ሲምፎኒ ኦርኬስትራ በለንደን ማይዳ ቬል ስቱዲዮ የቀረጸው፣ እ.ኤ.አ. በ2019 የወጣው ስብስብ ነው። ትንሹ ቅጂ 200 ሜጋባይት ገደማ ስለሆነ በሞባይል ዳታ ይወርዳል። አንድ ሙሉ ኦርኬስትራ በአንድ ሌሊት አስፋልት ዳር ያለች አንዲት ክፍል ውስጥ ገባ። የምጽፈው በአብዛኛው በአምባሰል ቅኝት ነው፤ አምባሰል ጎረቤታችን ነውና።

የምጽፈው ለምስጋና ነው። በልጅነቴ ጸናጽል ይዤ ማሕሌት ቆሜአለሁ፤ ዜማ ስሠራ ፊቴ ወደ ማን እንደሆነ አውቃለሁ። ስለዚህ ጥያቄው ለእኔ የትርፍ ጊዜ ጨዋታ አይደለም፦ እዚህ የሌሉ ሰዎች ባልተስማሙበት ዜማ ሲሰለፉ፣ ያ ድምፅ ምስጋና ሊባል ይችላል ወይ?

ብዙ ሰው የሚሰጠኝ መልስ «ማሽን ነው፣ ትንፋሽ የለውም» የሚል ነው። ይህን አልቀበልም። የፍሉቱን ቀስ ያለ ኖታ በጆሮ ማዳመጫ ለሚሰማ ሰው፣ ከድምፁ በፊት ተጫዋቹ አየር ሲስብ ይሰማዋል። የወንበር መንቋቋት አለ፣ የአዳራሹ አየር አለ። መዝሙር 150 መሣሪያዎቹን ሁሉ ከዘረዘረ በኋላ መጨረሻ ላይ የሚጠራው እስትንፋስ ያለውን ነው፤ በዚህ መለኪያ ከሆነ ሳምፕሉ አይወድቅም። የጎደለው ሌላ ነው። በዐፄ ገላውዴዎስ ዘመን አዛዥ ጌራና አዛዥ ራጉኤል ለድጓው ያዘጋጁትን የዜማ ምልክት አስቡት። ብራና ላይ ያለች ትንሽ የቀለም ነጥብ ትንፋሽ የላትም፤ ነገር ግን መሪጌታው በፈቃዱ ተነሥቶ ካላዜማት ዝም ብላ ትኖራለች። ሳምፕሉ የዚህ ተገላቢጦሽ ነው፤ ትንፋሹ ተቀምጧል፣ ፈቃዱ ግን የለም።

ፈቃድ ደግሞ በእኛ ሃይማኖት ትንሽ ነገር አይደለም። መላእክትም ሰውም በነጻ ፈቃድ ተፈጠሩ ብለው አባቶች ያስተማሩን በምክንያት ነው። ከመላእክት ወገን እምቢ ያለ ስላለ፣ የቀሩት ምስጋና ክብደት አገኘ። ሊከለከል የማይችል ምስጋና እንደ ወንዝ ድምፅ ነው፤ ያምራል፣ ፈጣሪውንም ያሳያል፣ ግን ማንም አልሰጠውም።

ቅዱስ ያሬድን በዚህ ዓይን ማየት ከጀመርኩ ወዲህ ታሪኩ ተለውጦብኛል። በዐፄ ገብረ መስቀል ፊት ሲያዜም የንጉሡ ጦር እግሩን እንደወጋው፣ ሁለቱም በዜማው ተመስጠው እንዳልተሰማቸው ሁላችንም ሰምተናል። ስለ መመሰጡ ብዙ ይሰበካል። ቀጥሎ ስላለው ግን ትንሽ ነው የሚነገረው። ንጉሡ ደንግጦ «ስለ ደምህ የምትፈልገውን ጠይቀኝ» ሲለው ያሬድ አስምሎ የለመነው ሹመት ሳይሆን መሰናበት ነው። ቤተ መንግሥቱን ትቶ ወደ ሰሜን ተራሮች ሄደ። መሄድ የሚችል ሰው መሆኑ፣ ቆሞ ባዜማቸው ቀናት ሁሉ ላይ ወደ ኋላ ብርሃን ይጥላል፤ በፈቃዱ ነበር የቆመው።

ከዚህ ሩቅ ሳንሄድም ምሳሌ አለን። እማሆይ ጽጌ ማርያም ገብሩ በ1916 ዓ.ም. አዲስ አበባ ተወልደው፣ ካይሮ ላይ ከአሌክሳንደር ኮንቶሮቪች ቫዮሊን ተምረው፣ ለንደን ሄደው የመማር ዕድላቸው ሲዘጋ ወደ ግሸን ማርያም መጡ። ግሸን እዚሁ አምባሰል ናት፤ መስከረም 21 ሲቃረብ ከወልድያ በኩል የሚመጣው ተጓዥ በዚህ አስፋልት ነው የሚያልፈው። በ21 ዓመታቸው መንኩሰው 10 ዓመት ያህል በባዶ እግራቸው ኖሩ። ፒያኖ አልነበረም። በኋላ ተመልሰው የሠሩትን ሙዚቃ ዛሬ ዓለም ይሰማዋል፤ እኔ በዚያ ጣት ውስጥ የምሰማው ትታው የነበረችውን ሙዚቃ እንደገና በፈቃዷ ያነሣች ሴት ነው። የእኔ ኦርኬስትራ ግን ምንም ትቶ አያውቅም። እ.ኤ.አ. በ1963 እንግሊዝ ውስጥ የወጣው ሜሎትሮን የተባለው ባለ ቴፕ ኪቦርድ እንኳ በየቁልፉ ሥር የነበረው ቴፕ 8 ሰከንድ ገደማ ሲሆነው ያልቅ ነበር፤ ተጫዋቹ ጣቱን ማንሣት ግድ ይለው ነበር። የዛሬው ሳምፕል ቁልፉን እስከያዝኩት ድረስ ይዘልቃል።

የእናቴ እናት ሙስሊም ናት፤ ወሎ ቤት እንዲህ ነው። ወዳጃ በሚባለው የጸሎት ስብሰባ ላይ ዱዓው ሲደረግ «አሚን» የሚለው ሕዝብ መካከል ዕድሜዋን ሙሉ ተቀምጣለች። አንድ ቀን የጆሮ ማዳመጫውን ነቅዬ የጨረስኩትን አሰማኋት። እስከ መጨረሻው ዝም ብላ ሰማችና፦

«ስንት ናቸው ልጄ?»

«ወደ ሰባ ይሆናሉ።»

«የታሉ?»

«አገራቸው።»

«አውቀዋል?»

«አላወቁም።»

«ሳያውቁ አሚን አሰኘሃቸው!»

ወቀሳ አልነበረም፤ ተደንቃ ነው ያለችው። ነገር ግን ከሰማሁት መልስ ሁሉ ወደ ነገሩ የቀረበው ይህ ነው። አሚን በውክልና አይባልም።

እዚህ ላይ መቃወሚያ እንዳለ አውቃለሁ፤ ጠንካራም ነው። በሕይወት ያለው ኦርኬስትራስ መቼ ነጻ ነበር? የእኛን ታሪክ ብቻ እንይ። እ.ኤ.አ. በ1924 ራስ ተፈሪ ከኢየሩሳሌም ያመጧቸው አርባ ልጆች ከአርመናውያን ፍጅት የተረፉ ወላጅ አልባዎች ነበሩ፤ ኬቮርክ ናልባንዲያን እየመራቸው የመንግሥት ማርሽ ተጫወቱ። ልጆቹን ማን ጠየቃቸው? የክቡር ዘበኛ ኦርኬስትራ ሙዚቀኞች በወታደራዊ ትእዛዝ ሥር ነበሩ። ጥላሁን ገሠሠ ከታኅሣሥ 1953ቱ መፈንቅለ መንግሥት ሙከራ በኋላ መታሰሩ ያ ዩኒፎርም ምን ያህል እንደሚከብድ ያሳያል። ይህን ሁሉ እቀበላለሁ። ሆኖም የታዘዘ ክንድ እንኳ የሚሰጠውና የሚነፍገው አለው። ኖታውን ጨርሶ ልቡን ማስቀረት ይችላል፤ መሪውም ያውቅበታል። የያሬድ ሙዚቃ ትምህርት ቤት የመጀመሪያው ዳይሬክተር አሸናፊ ከበደ «እረኛው ባለዋሽንት»ን ለኦርኬስትራ ሲጽፉ፣ የእረኛውን ዜማ ለማያውቁ ጣቶች ማስረዳትና ማሳመን የሥራው ግማሽ ነው። የእኔ ሥራ እንዲህ ያለ ድካም አልጠየቀኝም። ማሲንቆም እንጨትና የፈረስ ጭራ ነው፣ እምቢ አይልም የሚለኝ አለ። እውነት ነው፤ እንጨቱ ግን እሺም አላለም። ቫዮሊን የያዘችው ሴት እሺ ብላለች፤ ለአንዲት ኖታ።

ይህ ሐሳብ ብቻ ሆኖ ሊቀር ይችል ነበር። ነገር ግን በ2014 ዓ.ም. መግቢያ የሰሜኑ ጦርነት ውርጌሳ ድረስ ደረሰ። ያ ካለፈ በኋላ አንድ ሰው በስልኩ የተቀዳ ቀረርቶ ይዞ መጣና ከሥሩ «ትልልቅ መለከት» እንዳስገባለት ጠየቀኝ፤ ክፍያውንም አስቀድሞ ሊሰጠኝ ፈለገ። ድምፁ ጥሩ ነበር። ሰውየውም ሐዘን ያለበት ሰው ነው፤ አልንቀውም። የሚፈልገው ድምፅ ስብስቤ ውስጥ አለ፤ አራት ሆርን በሙሉ ጉልበት ሲነፉ ደረት ያነቃንቃሉ። ፈቃዱም ቢሆን በውሉ አለ፤ ስብስቡን የገዛም ሆነ በነጻ ያወረደ ሰው በፈለገው ሙዚቃ ውስጥ ሊጠቀምበት ይችላል። ግን ያንን ሆርን የነፋው ሰው ስቱዲዮ ሲገባ የተጠየቀው አንድ ድምፅ ነው እንጂ፣ የማያውቀውን አገር ልጅ ወደ ጉድጓድ እንዲጠራ አይደለም። ቢጠየቅ ምን እንደሚል መገመት የእኔ ፋንታ ሆነ። «አይሆንም» አልኩት።

ያን ቀን ነው መልሱ ግልጽ የሆነልኝ። የሰባው ሰው እምቢታ አልጠፋም፤ ወደ እኔ ተዛውሯል። በእውነተኛ ኦርኬስትራ ፊት የቆመ ደራሲ አንድ ሰው ነው፤ ሰባ ሰዎች ይመልሱለታል። እኔ ብቻዬን ስለሆንኩ የሰባውን ድርሻ መያዝ አለብኝ፤ ይህ ይጫወታል፣ ይህ አይጫወትም፣ ይህ ለማን ነው? ምስጋና ሊሆን ከቻለ የሚሆነው በዚያ በኩል ነው፤ ልነፍግ እችል የነበረውን እኔ ስሰጥ። ድምፆቹ ራሳቸው አያመሰግኑም።

ስለዚህ ይህ ሙዚቃ ማሕሌት ይግባ ብዬ አልሟገትም። መቋሚያ ተደግፈው ሌሊቱን ሙሉ የሚቆሙ ሰዎች፣ ቀኙ ለግራው የሚመልስበት አገልግሎት፣ ድካሙም የመሥዋዕቱ ክፍል ነው። የእኔዎቹ አይደክሙም።

አሠራሬ ግን ተለውጧል። አሁን በእያንዳንዱ ሥራ ውስጥ ቢያንስ አንድ ሰው በአካል መኖር አለበት። አጎቴ ማሲንቆ ይጫወታል፤ ያለ ምት መቁጠሪያ፣ በራሱ ፍጥነት እቀዳዋለሁ። የሱ አምባሰል ከኪቦርዱ አምባሰል ጋር አይገጥምም፤ ኪቦርዱ ኦክታቩን አሥራ ሁለት እኩል ቦታ ይቆርጠዋል፣ የአጎቴ ጣት ግን ክሩን የሚነካው ጆሮው ባለበት ነው። ሁለተኛዋ ድምፅ እሱ ዘንድ ሌላ ቦታ ናት፤ ስሜቱ ሲበረታ ደግሞ ትንቀሳቀሳለች። ሌላ ሰው ቢሆን ማሲንቆውን በሶፍትዌር ያቃናው ነበር። እኔ ቫዮሊኖቹን ነው የማቃናው፤ ቼሎውን፣ ቪዮላውን፣ አንድ በአንድ፣ ኖታ በኖታ ወደ እሱ እጠመዝዛቸዋለሁ። ፍጥነቱንም እንዲሁ። ቤት መጨረሻ ላይ ቆም ሲል ኦርኬስትራው ቆሞ ይጠብቀዋል፤ ቀድሞ ሲነሣ ይከተለዋል። ሥራው አታካች ነው፤ አንዳንዴ ሁለት ስንኝ ሌሊቱን ይወስዳል። ሲያልቅ ግን ሰባው አንድ ሰው የሚያዳምጡ ይመስላሉ። የሚያዳምጠው እኔ ብሆንም።

አሁን የያዝኩት ሥራ «የግሸን መንገደኞች» ነው። ሁለተኛው ክፍል ላይ ስንደርስ ሁዳዴ ገባና አጎቴ «ከፋሲካ በፊት አልነካውም» አለኝ። የማሲንቆውን መስመር ለቼሎ ሰጥቼ መጨረስ እችል ነበር፤ ቼሎው ጾም አያውቅም። አልጨረስኩትም። ሊሰሙት የሚፈልጉ ወዳጆቼን ከዳግም ትንሣኤ በኋላ ኑ ብያቸዋለሁ።